ካቻና የሳይዱን ጀለቢያ የለበሰች ዕለት

ካቻና ገና ለአቅመ ሔዋን ሳትደርስ ማጅራት ገትር ያዛት። ዝናቡ ሊገባ ሲቃረብ ሙቀቱ የሚከፋበት፣ ከበረሃ የሚነፍሰው አቧራ የሰው ጉሮሮ የሚሰነጥቅበት ወቅት ነበር። በሽታው በከተማችን በፖ ዙሪያ ካሉት መንደሮች አንዱንም ሳይዘል መጣ። ከካቻና ቤት መጀመሪያ እናቷን ወሰደ፤ ቀጥሎ ታናሽ ወንድሟን፤ ከዚያ ወደ እሷ ዞረ። አንገቷ እንደ ግንድ ደረቀ፤ ዓይኗ ተገለበጠ። አክስቶቿ የጭቃ ቤቱ ጥግ ሰሌን ላይ አጋደሟት። በጨርቅ ውሃ ከንፈሯ ላይ እየጨመቁ ጥቂት ቀን ጠበቋት፤ ከዚያ መጠበቁም ሰለቻቸው።

ነፍሷ ስትመለስ መጀመሪያ የሰማችው የሁለቱን አክስቶቿን ክርክር ነበር። የወገቧን ጨሌ እየተከፋፈሉ ነው።

"ቀዩ ለእኔ ልጅ ይሁን፤ ሰማያዊውን አንቺ ውሰጂው።"

"ሰማያዊው እኮ ግማሹ ተሰባብሯል። እኔ ሞኝ መሰልኩሽ?"

ካቻና ክርኗን ሰሌኑ ላይ ተክላ ቀና አለችና፣ "ሁለቱም የእኔ ነው" አለች።

አንደኛዋ አክስት እየጮኸች በሩን ጥሳ ወጣች። ሌላኛዋ እግሯ አልታዘዝ ስላላት ጨሌውን ወርውራ እዚያው የተቀመጠችበት ሸናች።

በሽታው ሲለቃት ግን ባዶ እጁን አልሄደም፤ የግራ ጆሮዋን ይዞባት ሄደ። ከዚያ ወዲህ ንግግሯ ሁሉ ጩኸት ሆነ። ምስጢር ስታወራ ገበያው ይሰማታል። ያገባት ሰሞን ባሏ ያንሾካሸከላትን የፍቅር ቃል መንደሩ በሙሉ በቃሉ ያውቀው ነበር፤ እሷ "ምን አልከኝ? ለጋ ባሚያዬ አልከኝ?" እያለች ደግማ ስለምትጠይቀው። ሰውየው ቻይ ነበር። ልጆች ወለደችለት፤ ከፊሎቹን ቀበረች፤ የቀሩትን አሳድጋ ወደ ዋና ከተማው ወደ ዋጋዱጉ ሸኘች። ባሏም በተራው ሞተ። ካቻና ከፖ መናኸሪያ ጀርባ፣ ከትልቁ የኒም ዛፍ ሥር፣ ዶሎ የምንለውን የማሽላ ጠላ እየጠመቀች መኖሯን ቀጠለች።

በእርጅናዋ ያያት ሁሉ፣ ይህን ጤና ከየት አመጣሽው ይላታል። እውነትም ጀርባዋ አልጎበጠም፤ እንቅልፏ አልሸሻትም፤ የጠላ ጋኑን ብቻዋን አንስታ ታስቀምጣለች። ጠዋት ስትነሳ ለሞቱባት ሰዎች ዱቄት የተበጠበጠበት ውሃ ደጃፏ ላይ ታፈሳለች፤ ወዲያው ደግሞ ታማትባለች። የሰበካው ቄስ አንድ ቀን፣ "ካቻና፣ ከሁለት አንዱን ምረጪ እንጂ" ቢሏት፣ "አባ፣ በሁለቱም ቤት ዘመድ አለኝ፤ የትኛውን ሰላም ሳልል ልለፍ?" አለቻቸው። እሳቸውም ከዚያ ወዲህ በሌላ መንገድ ማለፍ ጀመሩ። ይህን ስትጨርስ ነጠላ ጫማዋን ታጠልቅና ድፍድፉ እስኪበርድ ድረስ ሰፈሩን ትዞራለች። እየዞረች የምትሠራው ሥራ አንድ ነው፤ ሰው ትሰድባለች።

ያገኘችውን ሁሉ አይደለም። ካቻና ጉሩንሲ ናት፤ የምትሰድበው ቢሳዎችን ነው። ጉሩንሲና ቢሳ የሚባሉት ሁለቱ ብሔረሰቦች በአገሩ ልማድ የቀልድ ዘመዳሞች ናቸው። አንዱ ሌላውን ያሻውን ቢለው ቁጣ የለም፤ የተቆጣ እሱ ይዋረዳል። ቢሳው ጉሩንሲውን "ውሻ በሊታ" ይለዋል። ጉሩንሲው ደግሞ ቢሳውን "ለአንድ እፍኝ ኦቾሎኒ አማትህን ትለውጣለህ" ይለዋል። ከዚያ አብረው ይቀመጣሉ።

ከቢሳዎች ሁሉ መርጣ የምትሰድበው ሳይዱ ሌንጋኔን ነበር። ሳይዱ ከቢሳዎች አገር ከጋራንጎ የመጣ፣ ዕድሜውን ሙሉ ከፖ ድንበር ማዶ እስካለችው ታማሌ የጭነት መኪና ሲያመላልስ የኖረ፣ ሥራ ሲተው ቤቱን ከካቻና ጠላ ቤት ፊት ለፊት የሠራ ሰው ነው። እስላም ስለሆነ ዶሎ አይቀምስም፤ በየጠዋቱ ግን ከደጇ አይጠፋም።

"ዛሬ ሰፈሩ ጭር ያለው የማንን ውሻ ቀቅለሽ ነው?" ይላል አፍንጫውን ይዞ።

"የአንተን ነዋ! ሥጋው ኦቾሎኒ ኦቾሎኒ ይላል፤ አልበላ አለን።"

"ጥርስ ሲያልቅብሽ ሥጋ ትወቅሻለሽ።"

"ለአንተ ለመሳቅ ሁለት ይበቃኛል።"

ሳይዱ የሚታወቀው በአረማመዱ ነበር። ቁመቱ ረጅም ነው። ዓርብ ዓርብ ነጭ ጀለቢያውን ለብሶ ወደ መስጊድ ሲሄድ ደረቱን ነፍቶ፣ አገጩን ቀና አድርጎ፣ እያንዳንዷን እርምጃ ለመሬቱ በስጦታ እንደሚሰጣት ሆኖ ይራመዳል። ሴቶች የያዙትን ትተው ያዩታል። እሱም ይህን ያውቃል፤ ስለዚህ አጭሩን መንገድ ትቶ በገበያው በኩል ይዞር ነበር።

ይህ የተከበረ ሰው አንድ ከሰዓት በኋላ ከገዛ ማንጎ ዛፉ ላይ ወደቀ። በዚህ ዕድሜህ ምን ልታደርግ ወጣህ ሲባል፣ "ቅርንጫፉን ልመረምር" አለ። ኪሱ ሲፈተሽ ማንጎ ተገኘ። ጭኑ ተሰብሮ በቃሬዛ ሲያወጡት ካቻና ከደጇ ሆና፣ "ወገኖቼ፣ አትፍረዱበት! ኦቾሎኒ ዛፍ ላይ የሚያፈራ መስሎት ነው!" ብላ ጮኸች። ሳይዱ ሕመሙ እያንሰፈሰፈው እንኳ ሳቀ።

አጥንቱ በጊዜው ገጠመ፤ ጀሶውም ተፈታ። ነርሱ ፖሊካርፕ፣ ወጣት ግን ቁምነገረኛ ሰው ነው፣ ቤቱ ድረስ እየመጣ ያየው ነበር።

"አባባ ሳይዱ፣ አጥንቱ ድኗል። አሁን የቀረው መድኃኒት መራመድ ነው። ዝም ብለው ከተኙ ጉልበትዎ ይቆለፋል። ከተቆለፈ በኋላ እኔም አልከፍተውም፤ ከእኔ የሚበልጡትም አይከፍቱትም።"

"እሺ ልጄ" አለ ሳይዱ። ነርሱ ሲወጣ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

እንዲህ እንደተኛ ሳምንቱ ወር ሆነ። ጥግ ላይ የቆመው ክራንች የሸረሪት ድር አበጀ። የነርሱ ምክር፣ የኢማሙ ምክር፣ የጎረቤት ልመና ሁሉ በአንድ ጆሮው ገብቶ በሌላው ወጣ። ምክንያቱን የምታውቀው ሚስቱ ራማታ ብቻ ነበረች። እሷም ሲከብዳት ጊዜ ካቻና ዘንድ ሄዳ ወደ ደህናው ጆሮዋ ተጠጋች።

"እትዬ ካቻና፣ ለማንም እንዳትነግሪ። ቤት ውስጥ ማንም የሌለ መስሎት አንድ ጠዋት ተነስቶ ነበር። እኔ ከኩሽና አየሁት። እስከ በሩ ሄደ። ሲመለስ ፀሐይዋ ከኋላው ነበረችና ጥላውን ግድግዳው ላይ አየው። ያነክሳል። ጥላው ሲያነክስ ቆሞ አየና ሄዶ ተኛ። 'ሳይዱ አንካሳ ሆነ ከሚሉኝ ሳይዱ ሞተ ይበሉኝ' አለኝ።"

"ያነክ..." ብላ ልትጮህ ስትል ካቻና አፏን በሁለት እጇ አፈነችው። ድምጿን የዋጠችው በዕድሜዋ ያን ቀን ብቻ ነው ይባላል። ራማታም ይህን ስታይ ነገሩ ምን ያህል እንደከበዳት ገባት።

ካቻና ወዲያው ተነስታ ወደ ሳይዱ ቤት ገባች። አልጋው ሥር ቆማ እጇን ወገቧ ላይ አደረገች።

"አንተ ሎሌዬ! እንዲህ ተዘርግተህ የቀረኸው ኦቾሎኒ ፈልፋይ ሚስት ስላገኘህ ነው? ተነስ እንጂ፤ ትኋኖቹ እንኳ መውጫ አጥተው እያለቀሱ ነው!"

ሳይዱ ፊቱን ሳያዞር፣ "አላህ ይስጥልኝ ካቻና፤ እንኳን መጣሽ። ልጆችሽ ደህና ናቸው?" አላት።

ካቻና ክው አለች። ቢሳ ለጉሩንሲ በጨዋ ደንብ ሲመልስ ሰምታ አታውቅም። ሌላ ስድብ ጨመረችለት፤ ከዚህ በፊት አንጀቱ እስኪቆስል ያሳቀውን ነው። ሳይዱ አመሰገናት። ካቻና ወጥታ መንገዱ መሃል ቆመችና፣ "ይሄ ሰው እየሞተ ነው" አለች። ለራሷ ነው ያለችው፤ የሰማው ግን ሰፈሩ ሁሉ ነበር።

በዚያው ሳምንት የሳይዱ ልጅ ኢድሪሳ ከዋጋዱጉ ደወለ። ዓርብ በመኪና መጥቶ አባቱን ይወስዳል። ክፍል አዘጋጅቶለታል፤ አልጋው ፊት ለፊት ቴሌቪዥን አለ። ሳይዱም እሺ ብሏል። ካቻና ይህን ስትሰማ እሳት ላይ የጣደችው አረረባት። ከፖ ተነስተው ልጆቻቸው ክፍል ውስጥ ቴሌቪዥን ሊያዩ የሄዱ ሽማግሌዎችን ታውቃለች። ሲመለሱ መኪና ላይ ተጋድመው ነው፤ የሚወርዱትም ወደ መቃብር ነው። ደግሞስ ሳይዱ ከሄደ ጠዋት ጠዋት ከደጇ ቆሞ አፍንጫውን የሚይዝ ማን ይኖራል?

ሐሙስ ዕለት የሟች ባሏን ታላቅ ወንድም አቲያናን ልታማክር ሄደች። ሽማግሌው በአገሩ ደንብ ላይ ቀልድ አያውቁም።

"ያንን የሳይዱን ጀለቢያ ልለብስበት ነው" አለቻቸው።

አቲያና ያኝኩት የነበረውን መራራ የኮላ ፍሬ ተፉት። ለምን እንደደነገጡ ለእኛ ሰዎች ግልጽ ነው። ቢሳ ሲሞት ጉሩንሲዎች ለቅሶው ቤት ይገቡና የሟቹን ልብስ ይለብሳሉ። እንደ እሱ ይናገራሉ፤ እንደ እሱ ይሄዳሉ፤ "አልሞትኩም፣ ይኸው ቆሜያለሁ!" እያሉ ግቢውን ይዞራሉ። ከዚያ በሩን ዘግተው ተቀምጠው፣ ኦቾሎኒ ካልተሰጠን ሬሳው አይወጣም ይላሉ። ለቃስተኛው እያለቀሰ ይስቃል፤ ሐዘኑም በዚያ ይቀልለታል። ጉሩንሲ ሲሞትም ቢሳዎቹ እንዲሁ ያደርጋሉ። ግን ይህ ሁሉ ለሞተ ሰው ነው።

"በቁሙ ሞቱን ልትጠሪበት ነው?" አሉ አቲያና።

"እኔ ለለቅሶ አልለብሰውም። ለማናደድ ነው የምለብሰው።"

"ልብሱ ይህን በምን ያውቃል?"

"እነግረዋለሁ!" አለች ካቻና። ድምጿን ለሰማ፣ ልብሱ እንደሚሰማት ጥርጥር አልነበረውም።

አቲያና ከለከሏት። ካቻና የሰማችው በግራ ጆሮዋ እንደሆነ አስመስላ ወጣች።

ዓርብ በማለዳ ራማታ በካቻና ልመና ጀለቢያውን፣ ቆቡንና ከዘራውን አቀበለቻት። "ከጠየቀኝ ለአጠባ ነው እላለሁ" አለች። ካቻና አጭር ስለሆነች ጀለቢያው መሬት ይጠርጋል። ለጢም ብላ አገጯን ዱቄት ቀባች። ከሳይዱ አልጋ ፊት ለፊት ያለውን በር ወለል አድርጋ ከፈተችና ግቢው መሃል ቆመች።

"እኔ ሳይዱ ሌንጋኔ ነኝ!" አለች በዚያ ድምጿ። "ታማሌ ድረስ የነዳሁ፣ ፍየል እንኳ ያልገጨሁ! ሴቶች ሆይ፣ ላልፍ ነውና ጋናችሁን አጥብቃችሁ ያዙ!"

ሆዷን ወደ ፊት ገፍታ፣ አንገቷን እንደ ጅግራ እየሰበቀች ከግቢው ጫፍ ጫፍ ተንጎራደደች። ሳይዱ ፊቱን ከግድግዳው አላዞረም።

ነገሩ የተበላሸው እዚህ ላይ ነው። ሱምባላ የተባለውን ቅመም በቅርጫት ተሸክማ የምታልፍ አንዲት ሴት በአጥሩ ላይ ወደ ውስጥ አየች። ያየችው ጉሩንሲ ሴት የቢሳ ወንድ ልብስ ለብሳ፣ በገዛ ግቢው ውስጥ፣ እንደ እሱ ስትሄድ ነው። ፖ ውስጥ ይህ አንድ ትርጉም ብቻ ነው ያለው። ያውም "ይሄ ሰው እየሞተ ነው" ሲባል ሳምንቱን ሰምታለች። ቅርጫቷን ጣለችና እሪ አለች።

እሪታው መናኸሪያ ደረሰ። ከመናኸሪያው በስልክ ጋራንጎ ደረሰ። ገበያው ውስጥ ኦቾሎኒ የሚሸጡት ቢሳዎች ሱቃቸውን ዘግተው እያለቀሱ መጡ። ጉሩንሲዎቹም ደንቡ ነውና ሰሌንና ገመድ ይዘው መጡ፤ የሳይዱን በር ከበው ተቀመጡ።

"ኦቾሎኒ ካልመጣ ይህ ሬሳ ከዚህ አይንቀሳቀስም!" አለ አንዱ ሥጋ ሻጭ። "ያውም የተቆላ!"

ካቻና ደነገጠች። "አልሞተም! እናንተ ሰዎች፣ አልሞተም እያልኳችሁ ነው!" ብላ ጮኸች።

ሰዉ ሁሉ እንባውን እየጠረገ ሳቀ። ጉሩንሲ በለቅሶ ላይ የሚለው ይህንኑ አይደል? "እንዴት ታውቅበታለች!" አሉ የቢሳ ሴቶች። እሷ አልሞተም ባለች ቁጥር ለቅሶው እየጋለ ሄደ። ባሏ በሕይወት እንዳለ ከማንም በላይ የምታውቀው ራማታ ሳትቀር ማልቀስ ጀመረች። ኋላ ለምን አለቀስሽ ስትባል፣ "ይህ ሁሉ ሰው ተሳስቶ እኔ ብቻዬን ልክ ልሆን?" ነው ያለችው።

ኢማሙ ደረሱ። ሽማግሌው አቲያናም ደርሰው ከአጥሩ ጥግ ራሳቸውን ይዘው ቆሙ። ከሳይዱ ጋር አብሮ ይነዳ የነበረው አሮጌው ሾፌር ቡካሪ ደግሞ ስለ ሟቹ ሊናገር ተነሳ።

"ሳይዱ ደግ ሰው ነበር" አለ እንባው እየወረደ። "መኪና መንዳት ባይሆንለትም ደግ ነበር። ዳገት ላይ እኔ ነበርኩ የምነዳለት።"

ከቤቱ ውስጥ አልጋው ሲንቋቋ ተሰማ። ካቻና ይህን በቀኝ ጆሮዋ ሰማችው። በዚያች ቅጽበት ሐሳቧን ለወጠች። አልሞተም ማለቷን ተወች፤ ከዘራዋን አንስታ በበሩ ፊት ለፊት መንጎራደድ ጀመረች። በዚህ ጊዜ ግን እንደ ዳክዬ ነው የሄደችው፤ ቂጧን ወደ ግራ፣ ቂጧን ወደ ቀኝ።

"ሳይዱ እንዲህ ነበር የሚሄደው!" አለች። "አይደለም እንዴ ቡካሪ?"

"ልክ እንዲህ ነው" አለ ቡካሪ እያለቀሰ።

"እንዲያ አልሄድም!" አለ አንድ ድምፅ።

ሳይዱ በሩ ላይ ቆሟል። በውስጥ ልብሱ ነው። አንድ እጁ መቃኑን ይዟል፤ በሌላው ወደ ካቻና ይጠቁማል፤ ዓይኑ ፍም መስሏል።

"አንቺ ውሻ በሊታ! እኔ በዕድሜዬ እንደ ዳክዬ ሄጄ አላውቅም! አንተም ቡካሪ፣ ቦልጋ ዳገት ላይ መኪናህን ጎትቶ ያወጣው ማን ነው? ውሸታም!"

ኢማሙ "ሱብሃነላህ" አሉና ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ ሄዱ። በሩን ከበው የተቀመጡት ጉሩንሲዎች ሰሌናቸውን ጥለው ተበተኑ። ቡካሪ ጫማውን ትቶ አጥር ዘለለ፤ እሱም የሳይዱ እኩያ ነው፤ እንዴት እንደዘለለው እስከ ዛሬ አልታወቀም።

"እንግዲያ እንዴት ነው የምትሄደው?" አለች ካቻና። "አሳየኝ። ብዙ ሰው እየጠበቀ ነው።"

ሳይዱ መቃኑን ለቀቀ። ደረቱን ነፋ። አገጩን ቀና አደረገና ከበሩ ወረደ። አንድ እርምጃ አማረ። በሁለተኛው እግሩ ከዳውና ትከሻው ወደ ቀኝ ዘምበል አለ። በሦስተኛውም እንዲሁ። ያኔ ቆመ። ግቢው ሙሉ ሰው ያንን እግር አየ። ማንም አልሳቀም፤ ማንም አላለቀሰም። ሳይዱ አንገቱን አዞረ፤ ዓይኑ የተወውን መቃን ይፈልግ ጀመር። ራማታ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ተመልሶ ከገባ ዳግመኛ እንደማይወጣ እሷም ካቻናም ያውቁታል።

ካቻና አጠገቡ ሄደች። ጎንበስ ብላ እግሩን አየች፤ ጨርቅ እንደሚገዛ ሰው ከላይ እስከ ታች አየችው። ከዚያ ከጎኑ ቆመችና ጀለቢያውን ሰብስባ ተራመደች። አንድ እርምጃ፤ ዘምበል። አንድ እርምጃ፤ ዘምበል።

"እንዲህ ነው!" አለች ፊቷ በርቶ። "ጎበዝ፣ እንደ ዳክዬ አይደለም፤ ተሳስቻለሁ! እንደተጫነ ግመል ነው!"

ሳይዱ አያት።

"በቀኝ ነው እንጂ በግራ ነው እንዴ የማነክሰው? አንቺ ደንቆሮ!"

"ታዲያ ቀድመህ አሳየኛ!"

አሳያት። ተራመደ። እሷም ከኋላው በቀኟ አነከሰች። "ትከሻሽን ዝቅ አድርጊው" አላት፤ ዝቅ አደረገችው። "አገጭሽን ግን ከፍ!" ከፍ አደረገችው። እንዲህ እየተማረችና እየተሳደበች፣ ሁለት ሳይዱዎች ጎን ለጎን እያነከሱ አጥሩ በር ድረስ ሄዱ። ሕዝቡ ሳቁን መያዝ ሲያቅተው ሳይዱ ራሱ ቀድሞ ፈነዳ። እንባው እስኪወርድ፣ ከዘራውን ከእጇ ነጥቆ እስኪደገፍ ድረስ ሳቀ።

"በይ ጀለቢያዬን አውልቂ" አላት ሲበርድለት። "ጁምዓ ደርሷል። ደግሞ እጠቢው፤ ጠላ ጠላ ይላል።"

ወደ መስጊድ በአጭሩ መንገድ አልሄደም። በገበያው በኩል ዞረ። ሲቆምና ሲሄድ፣ ሲያርፍና ሲነሳ ብዙ ቆየ፤ ለቀብር የመጣው ሰው በሙሉ ከኋላው ተከተለው። ልጁ ኢድሪሳ የአባቱን ሞት መንገድ ላይ በስልክ ሰምቶ እያለቀሰ ሲነዳ ገበያው መሃል ደረሰ። ከመኪናው ወርዶ እግሩ ላይ ወደቀ።

"ተነስ" አለው ሳይዱ። "መንገድ ዘጋህብኝ።"

ለሬሳው ማስለቀቂያ የመጣው ኦቾሎኒ ተቆልቶ ለሰፈሩ ተበላ። ኢድሪሳ አባቱን ሳይወስድ ተመለሰ። አቲያና ካቻናን በቁም ሰው ላይ ሞት ጠርተሻል ብለው አውራ ዶሮ አስከፈሏት። እሷም የከፈለችው እጅግ የከሳውን ነው። ሳይዱ በየጠዋቱ ከደጇ ይመጣና ሰፈሩን አብሯት ይዞራል፤ እሱ ያነክሳል፤ እሷ ሰው እያየ ከኋላው ታነክሳለች። ጉልበቱ አልተቆለፈም። ማንከሱ ግን አልተወውም፤ ነርሱም ይተውዎታል ብሎት አያውቅም ነበር።

ነርሱ ፖሊካርፕ አንድ እሑድ ከኒሙ ሥር ተቀምጦ ዶሎውን ሲጠጣ፣ "እማማ ካቻና፣ እስቲ እውነቱን ይንገሩኝ" አላት። "ሰውን በጤና የሚያኖረው ትልቁ ነገር ምንድን ነው ይላሉ?"

ካቻና ቅሉን ከእጁ ተቀብላ ሞላችለት። የመለሰችለትን መናኸሪያው ሁሉ ሰምቶታል።

"ልጆቼ ከዋጋዱጉ ይደውሉልኛል። 'እማ፣ ደህና ነሽ?' ይላሉ። 'ደህና ነኝ' እላለሁ። ምን ልበል? ይዘጉታል። ያ ቢሳ ግን ደህና ነሽ ብሎኝ አያውቅም። ደጄ ላይ ቆሞ ከእግሬ እስከ ራሴ ያየኛል። ሰውን አሳምረህ ለመስደብ አሳምረህ ማየት አለብህ። የቱ ጉንጩ እንደጎደለ፣ የቱ ዓይኑ እንዳለቀሰ ካላየህ ስድቡ አይጥምም። ባሌ የሞተ ሰሞን ሁሉም አይዞሽ፣ አይዞሽ ሲለኝ እሱ መጥቶ፣ 'ቀሚስሽ ምነው ሰፋብሽ? የሰፈሩ ውሻ አለቀ እንዴ?' አለኝ። ስንት ሰው ሲገባና ሲወጣ እህል እንዳልቀመስኩ ያየው እሱ ነበር። ተናድጄ ገባሁና በላሁ። በየቀኑ የሚያይህ ሰው ይኑርህ፤ ለእኔ ትልቁ ይሄ ነው። የቀረውን አንተ በመርፌህ ጨምርበት። አሁን ቀና በል፤ ዓይንህ ሥር እንደ ድስት ቂጥ ጠቁሯል። እንቅልፍ የለህም አይደል? ማን ነች?"